ገመድ ያዡ

ካስቪር ከተማችን ሰባት ወር ይጨልማል፣
ፀሐይ የሩቅ ዘመድ፣ ለወጉ ብቅ ይላል።
በዚህ ሁሉ ጽልመት መብራት የምንለው፣
ከምድር ሆድ ገብተን፣ ካንጀቷ ሰርቀን ነው፤
ሰማያዊ ጨው ነው፣ ሲነኩት ይነዳል፣
በነሩል ወንዝ ወለል ከድንጋይ ሥር ያድራል።

ነሩል ሰማይ አያውቅ፣ ዝናብ አይደል ዘመዱ፣
እንደ ቂም ሆድ ለሆድ፣ ውስጥ ለውስጥ ነው መንገዱ።
የድሩም በቅሎ እንኳ አንድ ጉንጭ ብትቀምሰው፣
ይኸው እስከ ዛሬ የኋሊት ነው የምትሄደው፤
ልጓሟን ከጅራቷ አስሮ ይመራታል ሰው።
ሲፈስ ድምፅ የለውም፣ ድንጋይ አያንኳኳ፣
የተኛ ሲመስለን፣ ይማር ኖሯል ለካ።

እኔ ገመድ ያዥ ነኝ።
መዳፌ ልጥ ሆኗል፣ መስመር አይታይበት፣
ጠንቋይ ገልጦ ቢያየው፣ ነገ አልተጻፈበት።
ከጠላቂ ጋራ ሦስት ቃል ነው ቋንቋችን፦
አንዴ ሲጎተት፣ ልቀቅ።
ሁለቴ ሲጎተት፣ ቆይ፣ አለሁ፣ አትጨነቅ።
ሦስቴ ሲጎተት ግን ክንድህ ቢገነጠል
ሳብ እንጂ አትጠይቅ።
ከዚህ ሌላ ነገር በገመድ አይባልም፤
«እወድሃለሁ» የሚል ምልክት የለንም።

ኢልቫ ግራ እጇ ነው የሚቀናት፤ ስትቋጥር ታስታውቃለች፣
ሰው ቀኝ በሚዞርበት እሷ ግራ ትዞራለች።
ወገቧን አስራ ስታበቃ እንዲህ ትል ነበር፦
«ቶቭራክ፣ ካንቀላፋህ፣ ጺምህን ነው የምነጨው ከሥር!»

በአራተኛው ወር፣ ከተማው ጨው ሲያጣ፣
አዋላጅ በዳበሳ ሕፃን ስታወጣ፣
ወረደች ኢልቫ፣ ባዶ ጆንያ አንግታ።
ለቀቅኩ ገመዱን፣ ሃያ ክንድ፣ ሰላሳ፣
ከዚያ ጸጥታ።

ሦስቴ ተጎተተ።
ሳብኩ፣ ትንፋሼ እስኪያጥር፣
ቀለለኝ ገመዱ፣ ቀለለኝ እንደ ፀጉር።
ቀለበቱ ወጣ፣ እንደታሰረ፣ እንደጠበቀ፣
በግራ የዞረው ቋጠሮ አንድ ክሩ ያልተላቀቀ፤
የአንድ ወገብ ስፋት ባዶ አየር እንዳቀፈ፣
እያንጠባጠበ እግሬ ሥር አረፈ።

ሽማግሌዎቹ አሉ፦ «ነሩል ቋንቋ ለምዷል፣
ስንት ዘመን ሙሉ ጉተታ ቆጥሮ ይዟል።
ከእንግዲህ የሚስበው ሰው ይሁን ወንዝ፣ ማን ያውቃል?»
ተማክረው ሲያበቁ አፉን ዘጉት በወፍጮ ድንጋይ።
ወፍጮ ግን ቀዳዳ አለው፣ እምብርቱ ላይ፤
ለገመድ የሚሰፋ፣ ለሰው የሚጠብ፣
ለእኔ ግን ዕዳ።

ሰው ሲተኛ እሄዳለሁ፣
ገመዴን አወርዳለሁ።
አንዳንድ ቀን ሁለቴ ይጎተታል፦ «ቆይ፣ አለሁ።»
ውሸት መሆኑን አውቃለሁ።
እያወቅሁ እቆያለሁ።

ትናንት ስስበው ግን ጫፉ ላይ ቋጠሮ ነበረ፣
እኔ ያልቋጠርኩት፣ ወደ ግራ የዞረ።
ወንዙ ይህንንም ተማረ?
እጄ እየተንቀጠቀጠ መልሼ አወረድኩት፣
ጆሮዬን ድንጋዩ ላይ ለጥፌ ጠበቅኩት።
ከብዙ ዝምታ በኋላ
አንዴ ተጎተተ።
አንዴ ብቻ።

ነሩል በዘመኑ «ልቀቅ» ብሎ አያውቅም፤
እሱ መብላት እንጂ ማስለቀቅ አይወድም።
እሷ ከሆነች ደግሞ፣ ምን ማለቷ ይሆን?
ገመድ ጨምርልኝ፣ ገና ሩቅ ነኝ ነው?
ወይስ እጅህን ክፈት፣ ይብቃህ ነው?

አልለቀቅኩም። አልጨመርኩም።
ዛሬም መጥቻለሁ። ወፍጮው ላይ በደረቴ ተኝቼ፣
ገመዱን በእጅ አንጓዬ ሦስት ዙር ጠምጥሜ፣
በቀዳዳው ቁልቁል ተንዠርግጓል ጺሜ፤
ዐይኔን ጨፍኛለሁ፣
እንቅልፍ የወሰደኝ መስዬ
አንኮራፋለሁ።